ጠጋ በሉ እንጂ! ከሰው ጋር ውጭ ስለማደር የላካችኋቸው ጥያቄዎች

ስለ ተራራ ጉዞ ጥያቄ ላኩልን ስንል ስለ ጫማና ስለ ቦርሳ የምትጠይቁን መስሎን ነበር። የመጣው ግን አብዛኛው ስለ ሰው ነው። ከማላውቀው ሰው ጋር አንድ ድንኳን ሰጡኝ፣ ቦታ ያዙብን፣ ሙዚቃ ከፍተው አላስተኙንም፣ የመሸበት ሰው መጥቶ ተጣላን። የተወሰኑትን መርጠን አሳጥረናቸዋል። ስማችሁንም አስቀርተናል፤ አንዳንዶቻችሁ የምታሟቸው ሰዎች ይሄን አምድ ሳያነቡት አይቀሩም።

ጥያቄ፦ ቅዳሜ ተሄዶ እሁድ የሚመለስ የወንጪ ጉዞ ላይ ተመዘገብኩ። ዋጋው ማደሪያንም ይጨምራል ተብሏል። ስንደርስ አዘጋጆቹ ድንኳን ለሁለት ለሁለት አከፋፈሉንና ከማላውቃት ልጅ ጋር ደረሰኝ። ልጅቷ ጥሩ ናት፣ ግን ሌሊቱን ሙሉ ክርኗ ጎኔ ውስጥ ነው፤ ጠዋት ስነሳ ደግሞ ስሊፒንግ ባጌ በአንድ በኩል ረጥቧል። ሌላዋን ልጅ ከወንድ ጋር ሊያስተኟት ሲሉ ጮኻ ነው የተረፈችው። «ካምፒንግ እንዲህ ነው» ይላሉ። እውነት እንዲህ ነው? (ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ አይደለም። እንዲህ የሚሆነው አዘጋጁ ድንኳን ሲሰስት ነው።

መጀመሪያ ስለ ቁጥሩ። ድንኳን ላይ «የሁለት ሰው» ተብሎ ሲጻፍ ሁለት ሰው ትከሻ ለትከሻ ገጥሞ፣ ሳይገላበጥ፣ ቦርሳውን እግሩ ስር ሸጉጦ ያድርበታል ማለት ነው። የብዙዎቹ ወርድ 130 ሴንቲሜትር አካባቢ ነው። አንድ የካምፕ ፍራሽ ደግሞ ከ50 እስከ 60 ሴንቲሜትር ይወስዳል። የቀረውን ራስሽ አስቢው። ለማይተዋወቁ ሁለት ሰዎች የሦስት ሰው ድንኳን ነው የሚያስፈልገው። ይሄን የማያውቅ አዘጋጅ ያለ አይመስለኝም፤ ያውቃል፣ ግን ትንሽ ድንኳን ርካሽ ነው፣ መኪና ላይም ቦታ አይፈጅም።

በእርጥበቱ ልጅቷን አትውቀሻት። የሁለት ሰው ትንፋሽ ሌሊቱን ሙሉ ቀዝቃዛው ሸራ ላይ ውኃ እየሆነ ይቀመጣል፣ ሸራውን የነካ ነገር ሁሉ ይረጥባል። ወንጪ ጠርዙ ከ3,000 ሜትር በላይ ነው፣ ከታች ሐይቅ አለ፣ ስለዚህ ይብሳል። የድንኳኑን መተንፈሻ ከላይ ከፈት አድርጋችሁ ተኙ። ብርድ ፈርታችሁ ጥርቅም አድርጋችሁ ከዘጋችሁት ጠዋት እንደ ረጠባችሁ ነው የምትነሱት፣ ያኔ ነው ብርዱ።

ለክርኗ መፍትሔው አንዷ ራሷን በበሩ በኩል፣ ሌላዋ በወዲያኛው በኩል አድርጎ መተኛት ነው። ትከሻ ከትከሻ ስለማይጋጠም ቦታው ሰፋ ይላል። የማላውቃት ልጅ እግር አፍንጫዬ ስር? ካልሽ፣ ካልሲ መቀየር የሚባል ነገር አለ፤ ለእሷም ንገሪያት።

ወንድና ሴት ሳይጠየቁ አንድ ላይ ማስተኛት ግን ድርድር የለውም። ልጅቷ መጮኽ አልነበረባትም፣ ሊጠየቅ ይገባ ነበር። ለሚቀጥለው ገንዘብ ከመላክሽ በፊት በቴሌግራም ጻፊላቸው፦ ድንኳኑ የስንት ሰው ነው? ከማን ጋር ነው የማድረው? ብቻዬን ልደር ብል ስንት ልጨምር? መልሱን አስቀምጪው። በቃል የተባለ ነገር አውቶቡሱ ሲንቀሳቀስ ይረሳል።

ጥያቄ፦ አምስት ሆነን ከሲልቨር ስፕሪንግ ተነስተን ለአንድ ሌሊት ቨርጂኒያ ውስጥ ወዳለው ሼናንዶዋ ብሔራዊ ፓርክ ሄድን። ካርታው ላይ ጎጆ ስላየን እዚያ እናድራለን ብለን አንድ ድንኳን ብቻ ነው የያዝነው። በዝናብ በስብሰን ስንደርስ አራት ሰዎች ገብተውበታል። ቦርሳና እርጥብ ልብስ ዘርግተው ወለሉን ሞልተውታል። አንደኛው «እኛ ከጆርጂያ በእግራችን የመጣን ነን፣ ጎጆው የእኛ ነው» አለን። የሕዝብ ፓርክ አይደለም እንዴ? ሐበሻ ስለሆንን ይሆን ብለን በጣም ተናደድን። (ከሜሪላንድ)

መልስ፦ ሰውየው ግማሹን ልክ ብሏል፣ ግማሹን ከራሱ ጨምሯል።

ያገኛችኋቸው የአፓላቺያን ትሬይል ተጓዦች ናቸው። መንገዱ ጆርጂያ ውስጥ ከስፕሪንገር ተራራ ተነስቶ 14 ግዛቶችን አቋርጦ ሜይን ውስጥ ካታህዲን ተራራ ላይ ያልቃል፤ 3,500 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሙሉውን የሚሄድ ሰው ወራት ይፈጅበታል። በመንገዱ ላይ ከ250 በላይ መጠለያዎች አሉ። አብዛኞቹ ሦስት ግድግዳ፣ አንድ ጣሪያና የጣውላ ወለል ናቸው፤ ፊታቸው ክፍት ነው። በር የለም፣ ቁልፍ የለም፣ ዘበኛ የለም። በአብዛኛው ቦታ ቀድሞ የደረሰ ነው የሚገባው።

ሼናንዶዋ ግን የራሱ ደንብ አለው። እዚያ ለማደሪያ የተፈቀዱት ጎጆዎች ቢያንስ ሦስት ተከታታይ ሌሊት ጫካ ለሚያድሩ ረጅም ተጓዦች ናቸው። ለአንድ ሌሊት የመጣችሁ አምስት ሰዎች በወረፋው ኋላ ናችሁ። በዚያ ላይ ከመኪና ካምፑ ውጭ ለሚያድር ሁሉ የፓርኩ ፈቃድ ያስፈልጋል፤ እሱን አውጥታችሁ እንደሆነ አልጻፋችሁልኝም፣ እኔም አልጠይቅም። ስለዚህ «ለእኛ ዓይነቱ ነው» ቢላችሁ ልክ ነበር።

«የእኛ ነው» ግን አይባልም። የአንድ ሰው ድርሻ የአንድ ፍራሽ ወርድ ነው፣ በቃ። እርጥብ ካልሲ ቦታ አይዝም። ቦርሳም ግድግዳው ላይ ይሰቀላል። ዝናብ ላይ ደግሞ በዚያ መንገድ የቆየ ልማድ አለ፦ ሰው ከመጣ ይጠጋጋሉ፣ ዝናቡ እስኪያባራ ቢያንስ ጣሪያ ስር ያቆሙታል። እናንተን ውጭ ማቆማቸው ነውር ነው። ጉዳዩ ሐበሻነታችሁ ይሁን አይሁን ከሰውየው አፍ ካልሰማን አንፈርድም፤ ነገር ግን ረጅም ተጓዥና የቅዳሜና እሁድ ቡድን በጎጆ ሲጨቃጨቁ የናንተ የመጀመሪያው አይደለም። መንገዱን የሚንከባከቡት ማኅበራትም ቡድን ሆኖ የሚመጣ ሰው ድንኳኑን ይዞ እንዲመጣ፣ መጠለያውን ብቻውን የሚሄድ ሰው እንዲጠቀምበት ደጋግመው የሚመክሩት ለዚሁ ነው።

እንደዚያ ዓይነት ሰው ሲገጥማችሁ «ጎጆው የማን ነው» ወደሚለው ክርክር አትግቡ። «ስንት ፍራሽ ይይዛል? እናንተ አራት ናችሁ፤ ለሁለት ሰው ጠጋ ትላላችሁ? ሌሎቻችን ድንኳን እንተክላለን» በሉት። ከፊታችሁ ወለሉ እየታየ እንቢ ማለት ይከብዳል። ድንኳኑን ጎጆው ውስጥ እንዳትተክሉት ብቻ፤ የአራት ሰው ቦታ ይበላል፣ ሰው በጣም ይናደድበታል።

ደቡብ፣ ያው መንገድ ወደሚያልፍበት ወደ ግሬት ስሞኪ ማውንቴንስ ፓርክ ከወረዳችሁ ደግሞ ነገሩ ሌላ ነው። እዚያ የመጠለያ ቦታ አስቀድሞ በፈቃድ ይያዛል። በጸደይ ወራት ለሙሉ መንገድ ተጓዦች ጥቂት ቦታ ይተውላቸዋል፣ ካልበቃቸው ግን ቦታ የያዘውን ሰው አስነስተው አይገቡም፤ እነሱ ናቸው ውጭ ድንኳን የሚተክሉት። ሼናንዶዋ ላይ ያበሳጫችሁ ሰውዬ እዚያ ቢሆን እሱ ነበር የሚወጣው።

እንደ ሐበሻ አሥር ሆነን፣ ጥብስ ጠብሰን፣ ቡና አፍልተን እንጫወት ካላችሁ ግን ጎጆውን እርሱት። ሼናንዶዋ ውስጥ እንዳለው ቢግ ሜዶውስ ያለ መኪና የሚገባበት ካምፕ አስቀድማችሁ ያዙ። እዚያም ቢሆን ከምሽቱ አራት ሰዓት፣ በእነሱ አቆጣጠር ከ10 ሰዓት በኋላ ጸጥታ ነው። ሳቃችሁን ከዚያ በፊት ጨርሱት።

ጥያቄ፦ መንዝ ጓሳ አራት ሆነን አደርን። ብርዱ ሊገድለን ደረሰ። አንዱ ጓደኛችን ማንደጃውን ከነከሰሉ ድንኳን ውስጥ አስገብቶ «ፍሙ ቀልቷል፣ ጭስ የለውም፣ ምንም አይልም» አለ። ዚፑን ትንሽ ከፍተን ተኛን። ጠዋት ሁላችንንም ራሳችንን አመመን፣ አንዷም አስመለሳት። ከፍታው ነው ተባባልን። በሚቀጥለው ወር ስንሄድ ማንደጃውን ልንደግመው ነው፤ ችግር አለው?

መልስ፦ አለው። አትድገሙት። ከዚህ ወር ደብዳቤዎች ውስጥ ያስደነገጠን ይሄኛው ነው።

የቀላ ፍም ጭስ የለውም፣ ልክ ነው። ገዳዩ ግን ጭሱ አይደለም። ከከሰል የሚወጣው ካርቦን ሞኖክሳይድ ቀለም የለውም፣ አይሸትም፣ ዓይን አያቃጥልም። ፍሙ አመድ ለብሶ የጠፋ ሲመስልም መውጣቱን አያቆምም። ደማችን ይሄንን ጋዝ ከኦክስጅን ይልቅ ከ200 እጥፍ በላይ አጥብቆ ነው የሚይዘው። ስለዚህ ጥቂቱም ይበቃል። ዚፕ ትንሽ መክፈት አያድንም፤ ድንኳን ትንሽ ክፍል ነው፣ አራት ሰው ደግሞ ያለውን አየር ይጋራል። ከተማ ውስጥም በየክረምቱ ከሰል አስገብተው ተኝተው በዚያው የሚቀሩ ሰዎች እንዳሉ ሰምታችኋል። ድንኳን ከዚያ ክፍል ይጠባል።

ከሁሉ የከፋው «ከፍታው ነው» ያላችሁት ነው። የጓሳ አምባ ከ3,000 ሜትር በላይ ስለሆነ ራስ ምታትና ማስመለስ ከከፍታም ሊመጣ ይችላል። የከሰሉም ምልክት ያው ራስ ምታት፣ ማዞር፣ ማስመለስና ድካም ነው። በዚያ ላይ ያደነዝዛል፣ ያደነዘዘው ሰው ደግሞ ተነስቶ ዚፕ አይከፍትም። አንድ ድንኳን ውስጥ ያደረ ሰው ሁሉ በአንድ ጊዜ ራሱን ካመመው መጀመሪያ ከሰሉን ጠርጥሩ። ሁሉንም ወደ ውጭ አውጡ፣ ያልተሻለውን ሐኪም ዘንድ አድርሱ።

ታዲያ ብርዱን እንዴት? አብዛኛው ብርድ ከመሬት ነው የሚመጣው። ሰዉ ሁሉ ከላይ የሚደርበውን ያስባል። ሦስት ብርድ ልብስ ደርቦ ከታች ስስ ፕላስቲክ ላይ ይተኛል፤ እንዲህ ያለ ሰው እስከ ንጋት ይንቀጠቀጣል። ሁለት ፍራሽ ደርቡ፣ የተረፈውን ጋቢ ከላይ ሳይሆን ከታች አንጥፉት። ከመተኛታችሁ በፊት ብሉ፤ በሶም ቢሆን፣ ጭኮም ቢሆን። ለሌሊት ብቻ የሚሆን ደረቅ ካልሲ ለዩ። ከፈለጋችሁ ውኃ አፍልታችሁ በብረት ኮዳ ሞልታችሁ፣ በካልሲ ጠቅልላችሁ እግራችሁ ስር አድርጉት። ሃይላንድ ላስቲክ ላይ የፈላ ውኃ አትሙሉ፣ ተኮማትሮ ያፈሳል፣ ያኔ ደግሞ ፍራሹም ይበሰብሳል። ማንደጃው ውጭ ሆኖ ዙሪያውን ቡና ጠጡበት፣ ለዚህ ምን ክፉ አለው።

ምንጣፍ ይሆነናል ብላችሁ የጓሳውን ሣር እንዳታጭዱ ደግሞ። ያ ሣር ባለቤት አለው። የመንዝ ሕዝብ ቀሮ በሚባለው ሥርዓት ከጥንት ጀምሮ ሣሩን ለዓመታት እየዘጋና ተመካክሮ እየከፈተ የኖረው ለጣሪያ ክዳን፣ ለገመድ፣ ለክፉ ቀን ነው።

ጥያቄ፦ ከጓደኞቼ ጋር ስሜን ተራሮች ሄደን ግጭ ካምፕ ስናድር ስካውታችን (የፓርኩ ታጣቂ አጃቢ) አንድ ጋቢ ተከናንቦ ጠመንጃውን ታቅፎ ውጭ ቁጭ አለ። እኛ ድንኳን ውስጥ ነን። እንቅልፍ እንቢ አለኝ። ግባ ልበለው? ባልኩት ጊዜ ጓደኞቼ «እሱ ለምዶታል» አሉኝ። (ከባሕር ዳር)

መልስ፦ «ለምዶታል» ብርድ የማይበርደን ሰዎች የምንናገረው ነው። ግጭ 3,600 ሜትር ነው። በታኅሣሥና በጥር ጠዋት ሣሩ ላይ ውርጭ ነጭ ሆኖ ታገኙታላችሁ።

ግን በደፈናው ድንኳናችሁ ውስጥ ግባ ማለትም መልስ አይደለም። እሱ ሥራ ላይ ነው፣ ጠመንጃ ይዟል፣ እናንተም ሴትና ወንድ ሆናችሁ ትሆናላችሁ፤ ብትሉትም ይሉኝታው አያስገባውም። ይሄ የፓርኩ መነሻ ከተማ ደባርቅ ላይ፣ ከመነሳታችሁ በፊት የሚያልቅ ነገር ነው። ስካውቱን፣ አስጎብኚውንና በቅሎ ጫኙን አንድ በአንድ ጠይቋቸው፦ ምን ይዘዋል? የት ያድራሉ? ስንቅ አላቸው? አንዳንዱ በቂ ይዞ ይመጣል፣ አንዳንዱ ዳቦ ቆሎና ጋቢ ብቻ ነው የያዘው። አንድ ተጨማሪ ድንኳንና ፍራሽ ተከራይታችሁ በቅሎ ላይ ብትጭኑ የምትጨምሩት ብር ለሁላችሁ ሲካፈል ብዙ አይሆንም። ስታበስሉም በራስ ቁጥር ቆጥራችሁ አብስሉ። ትራፊ ሰጥቶ «አበላነው» ማለት አያምርም።

ካምፖቹ ላይ ምግብ የሚበስልባቸው ጎጆዎች አሉ። ማታ እሳቱ ዙሪያ የሚሰበሰቡት አብሳዮች፣ በቅሎ ጫኞችና ስካውቶች ናቸው። ከከተማ የሄደ ቡድን አንዳንዴ ይመጣና «ትንሽ ቦታ ልቀቁልን፣ ልንጫወት ነው» ይላል። ተዉ። እነሱ ሌላ ቤት የላቸውም፣ እናንተ ድንኳን አላችሁ። መሞቅ ከፈለጋችሁ ገብታችሁ «እንደምን አመሻችሁ» ብላችሁ ጠርዝ ላይ ተቀመጡ፤ ቦታ ይሰጧችኋል፣ ከተማ ውስጥ የማትሰሙትን ወሬም ትሰማላችሁ። እድሜው የገፋውን ስካውት «አንተ» ማለታችሁንም አቁሙ። ጋሼ በሉት፣ ምን ይወጣባችኋል።

ግጭን በተመለከተ ደግሞ አንድ ነገር ማወቅ ደግ ነው። እዚያ ትልቅ መንደር ነበር። ፓርኩ እ.ኤ.አ. በ1978 በዓለም ቅርስነት ተመዝግቦ በ1996 አደጋ ላይ ካሉት መዝገብ ገባ፤ ምክንያቶቹ ሰፈራው፣ እርሻውና ግጦሹ፣ የዋልያውም ቁጥር ማሽቆልቆል ነበሩ። የግጭ ነዋሪዎች በ2016 ወደ ደባርቅ ተዛወሩ፣ በ2017 ፓርኩ ከአደጋው መዝገብ ወጣ። ስለዚህ ለሊት ደጃችሁ ላይ የሚቀመጠው ሰውዬ ወይም በቅሏችሁን የጫነላችሁ ልጅ ምናልባት ድንኳን ከተከላችሁበት አቅራቢያ ነው የተወለደው። እንግዳው ማን እንደሆነ ስታስቡት ነገሩ ይገለበጣል።

መንገዱ ሰላም መሆኑን ከመነሳታችሁ በፊት ደባርቅ ደውላችሁ አጣሩ፤ ሰሞኑን ይሄን ሳልጽፍ ማንንም ወደዚያ አልልክም።

ጥያቄ፦ እኔና የሰፈራችን ሰዎች በየዓመቱ ታኅሣሥ ቁልቢ ገብርኤል እንሄዳለን። የእድራችንን ድንኳን ተውሰን ወደ ሠላሳ ሰው እንሆናለን። ዘንድሮ እኩለ ሌሊት ላይ አንዲት ሴት ሕፃን አዝላ፣ አንድ ልጅ በእጇ ይዛ «የመሸብኝ የእግዜር እንግዳ ነኝ» ብላ መጣች። ከእኛ አንዱ «ሞልቷል፣ አምና ስልክ ተሰርቆብናል» ብሎ መለሳት። እኔ ዝም አልኩ። እስካሁን ከነፍሴ አልወጣም። ምን ማድረግ ነበረብን? (ከአዳማ፣ እናት)

መልስ፦ እናታችን፣ ያ ሰው ስለ ስልኩ ውሸት አልተናገረም። ብዙ ሕዝብ ባለበት ሌባም አለ። ግን ሕፃን ያዘለች ሴትን ለመመለስ ያ ምክንያት አይበቃም፤ የእድር ድንኳንም እንኳን ለሠላሳ፣ ለቀብር ስንቱን እንደሚይዝ እርስዎ ያውቁታል።

ነገሩን ከባድ ያደረገው እኩለ ሌሊት ላይ መጠየቁ ነው። በዚያ ሰዓት ከእንቅልፉ የተቀሰቀሰ ሰው የሚመልሰው «ሞልቷል» ነው። ለመጪው ጊዜ ድንኳኑ እንደ ተተከለ፣ ገና ቀን ሳለ፣ ሁላችሁም ተቀምጣችሁ ወስኑ። በአንድ በኩል፣ በበሩ አጠገብ፣ የአራት የአምስት ሰው ቦታ ለመሸበት ሰው ይተውና እዚያ ምንም ዕቃ አይቀመጥ። የእናንተን ሻንጣ በሙሉ መሐል ላይ ደርድራችሁ ዙሪያውን ተኙ። ስልክና ገንዘብ ብብት ውስጥ ይደሩ። ሁለት ሰው በፈረቃ ይንቃ፤ ቁልቢ ለሊቱን ሙሉ የሚጸልይ ሰው አይጠፋም፣ ስለዚህ ይሄ ቀላል ነው። ማን ይግባ የሚለውንም ቀድማችሁ ተስማሙ፦ ሕፃን ያላት፣ ሽማግሌ፣ የታመመ። ጎረምሶች ስብስብ ብለው ቢመጡ ደግሞ «ልጆቼ፣ ከሸራው ውጭ ንፋስ በማይነካው በኩል ጠጋ በሉ» ማለት ይቻላል፤ እርስዎም አይጨክኑባቸውም፣ እነሱም አይከፋቸውም።

ማስገባት ማለት ደግሞ ሁሉን መክፈት አይደለም። «ልጄ፣ ግቢ፣ ቦታሽ ይቺ ናት፣ ውኃው ያውልሽ፣ ሽንት ቤቱ በዚያ በኩል ነው» ከተባለች እሷም ሳትሳቀቅ ታድራለች፣ የእናንተም ሰው አይጨነቅም። እንግዳን የሚያሳቅቀውም የሚያሰጋውም ወሰኑ አለመነገሩ ነው።

ያን ሰው ግን በሰው ፊት አይውቀሱት። ለብቻው ቡና ጠርተው ይንገሩት። የሚቀጥለውን ዓመት የበር ጥበቃ ለእሱ ይስጡት፤ የማስገባቱ ኃላፊነት ሲሰጠው ያኔ ይለወጥ ይሆናል። ለሐምሌው ንግሥ የሚሄዱ ከሆነ ዝናቡን አይርሱ፤ የመሸበት ሰው ያኔ ይበዛል።

ጥያቄ፦ ላንጋኖ ዳር ድንኳን ተክለን ሳለ አጠገባችን ያሉት ስፒከር ከፍተው እስከ ሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት። ሄደን ስንነግራቸው «እናንተም ኑ ጨፍሩ» አሉን። እኛ ነን የበዛንባቸው?

መልስ፦ ኑ ማለታቸው ጥሩ ልጆች መሆናቸውን ያሳያል፣ ልክ መሆናቸውን ግን አያሳይም። ውኃ ዳር ድምፅ ሩቅ ይሄዳል፣ በተለይ ማታ፤ ከሃምሳ ሜትር ላይ የተከፈተ ሙዚቃ ጆሮ ስር እንደተከፈተ ነው የሚሰማው። የድንኳን ግድግዳ ደግሞ ጨርቅ ነው። እነሱ የሚያወሩትን ሚስት ስለማግባት ወሬ ሳይቀር ሰምታችሁት ሊሆን ይችላል።

ሌሊት ሄዶ መጨቃጨቅ አይሠራም፣ በተለይ የጠጡ ሰዎች ካሉ። የሚሠራው ገና ስትደርሱ፣ ጸሐይ ሳትጠልቅ፣ ቡና ይዞ ወይም ክብሪት ሊለምን ሄዶ «እኛ ልጆች ይዘናል፣ እስከ ስንት ሰዓት ትጫወታላችሁ?» ማለት ነው። ሰዓት ራሳቸው ከተናገሩ ያከብሩታል። ካላከበሩት የግቢውን ጥበቃ ጥሩ፤ ለማደሪያው ከፍላችኋል፣ ጸጥታውም የከፈላችሁበት ነው። እንዲያው በአጠቃላይ ሌላ ቦታ እያለ ከሰው ድንኳን ጎን ለጎን ባትተክሉም ይሻላል። ባዶ አውቶቡስ ውስጥ ገብቶ ካለው አንድ ሰው አጠገብ እንደመቀመጥ ነው።

አጫጭሮቹ

*ምግባችንን ድንኳን ውስጥ ብናሳድር?* አይሆንም። ሼናንዶዋ ላይ ድብ አለ፤ ምግብ ከመሬት ሦስት ሜትር ያህል ከፍ ብሎ፣ ከግንዱም ከአንድ ሜትር በላይ ርቆ ይሰቀላል፣ ጎጆዎቹ አጠገብ ለዚሁ የቆመ የብረት ምሰሶ አለ። ስሜን ላይ ድብ የለም፣ ቁራ ግን አለ፤ ጀርባችሁን ስትሰጡት ዳቦውን ከነፌስታሉ ይወስደዋል። አይጥ ደግሞ የትም አለ፣ ድንኳን ይበሳል። ሲበሳ የሚበሳው ያንተን ብቻ አይደለም፣ አብሮህ የተኛውንም ቦርሳ ነው።

*ከሰው ጋር ስንበላ አንዱ ተቅማጥ ከያዘው?* መጎራረሱን ለጊዜው አቁሙ። የእጅ አልኮል ብቻውን ሁሉንም ጀርም አይገድልም፤ በአሜሪካ መጠለያዎች ተጓዦችን የሚያስቸግረውን፣ ተቅማጥና ትውከት የሚያመጣውን ኖሮቫይረስ ለምሳሌ በደንብ አይገድለውም። ሳሙናና ውኃ። የታመመው ሰው ከወንዙና ከካምፑ ቢያንስ 60 ሜትር ይራቅ፣ አንድ ስንዝር ያህል ቆፍሮ ይቅበር፣ ምግብም አያብስል።

*ለሊት ለሽንት ስነሳ ሁሉንም እቀሰቅሳለሁ፤ ምን ላድርግ?* በበሩ በኩል ተኛ። የግንባር መብራትህን ቀይ ብርሃኑ ላይ አድርገው፣ ፊታቸው ላይ አታብራ። ጫማህን ከመተኛትህ በፊት አዘጋጅተህ አስቀምጠው፣ ለሊት ፌስታል ስታንኮሻኩሽ ነው ሰው የሚጠላህ።

*አብሮኝ የተኛው ሰው ቢያንኮራፋ መቀስቀስ ነውር ነው?* አይደለም፣ ግን ብዙ ጊዜ አይጠቅምም፤ ተመልሶ ያንኮራፋል፣ አንተ ብቻ ነህ የነቃኸው። ቀስ አድርገህ በጎኑ አዙረው። ፋርማሲ የጆሮ መድፈኛ ይሸጣል፣ ርካሽ ነው፣ ሁለት ጥንድ ያዝ፤ አንዱን ለማታውቀው ጎረቤትህ ትሰጠዋለህ። የሚያንኮራፋው አንተ ከሆንክ ደግሞ ማታውኑ ተናገርና ድንኳንህን ጥግ ላይ ትከል።